በሁለት ኮቴ መሀል

የካቲት በገባ ቁጥር አንድ ቪዲዮ ይደርሰኛል። ዘንድሮ የላከችልኝ የአክስቴ ልጅ ናት። ከሥሩ «ብርቅዬ የዓድዋ ፊልም! ከጣሊያን መዝገብ ቤት የተገኘ፤ ሳያዩ እንዳያልፉ» ተብሎ ተጽፎበታል። ስከፍተው ሰፊ ሜዳ ነው። ከማዶ አንድ ጠቆር ያለ መስመር ብቅ ይላል፤ መስመሩ እየወፈረ ፈረስ ይሆናል፤ ፈረሱ ይበዛና አቧራውን ከኋላው እየጎተተ ቀጥ ብሎ ወደ ተመልካቹ ይመጣል። ሊረግጠን ነው ስንል ለሁለት ተከፍሎ በግራና በቀኝ ያልፋል። ሣሩ አረንጓዴ ተቀብቷል፤ ሰማዩም ሰማያዊ። ከጀርባው ሽለላ ገብቶበታል። እውነቱን ለመናገር ደም ያሞቃል።

አቆምኩትና የፈረሰኞቹን ደረት አየሁ። የሚያብረቀርቅ የብረት ጥሩር አጥልቀዋል። የራስ ቁራቸው ከኋላው የፈረስ ጭራ ተንጠልጥሎበታል። እንዲህ የሚለብሰው ኩይራሲዬ የሚባለው የፈረንሳይ ከባድ ፈረሰኛ ጦር ነው። ዓድዋ ላይ በጣሊያንም በኩል በእኛም በኩል ኩይራሲዬ አልተሰለፈም። ይህንኑ ጻፍኩላት። መልሷ አጭር ነበር፦ «ታዲያ ምን አለበት? ፈረስ ፈረስ ነው።»

ይህን ጽሑፍ ያስጀመረኝ ይቺ መልስ ናት። ፊልም ላይ ፈረስ ፈረስ አይደለምና። እንዲያውም ፊልም የሚባለው ነገር ራሱ የመጣው ሰዎች ስለ ፈረስ እግር ሲከራከሩ ነው። ዛሬ በሰው ሠራሽ አስተውሎት «ታድሰው» የሚቀርቡልን የጥንት የፈረሰኛ ፊልሞች የሚያጠፉትም ያንኑ ክርክሩ የተነሣበትን ነገር ነው።

ከቀኑ እንነሣ። የሲኒማ ጀማሪዎች የሚባሉት ፈረንሳውያኑ ሉሚዬር ወንድማማቾች ፓሪስ ውስጥ ግራን ካፌ በሚባል ቡና ቤት ምድር ቤት፣ ገንዘብ ለከፈለ ተመልካች ፊልም ያሳዩት ዲሴምበር 28 ቀን 1895 ነው። ወደ እኛ አቆጣጠር ሲመለስ ታኅሣሥ 19 ቀን 1888 ዓ.ም. ይሆናል። ዓድዋ የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. ነው። በሁለቱ መሀል ያለው 64 ቀን ብቻ ነው። ሁለቱም በአንድ ዓመት፣ በአንድ በጋ ውስጥ የሆኑ ናቸው። በዚያ ሰሞን ተንቀሳቃሽ ምስል የሚያነሳ መሣሪያ ከጥቂት የአውሮፓና የአሜሪካ ከተሞች አልወጣም፤ ከትግራይ ተራራ ሊደርስ ቀርቶ ከፓሪስ ለንደን ገና መድረሱ ነበር። የዓድዋ ፊልም የለም። «ተገኘ» የሚል ሁሉ መጀመሪያ እነዚህን 64 ቀናት መሻገር አለበት። (ከዚህ በኋላ የምጠራቸው ዓመቶች፣ ካልነገርኳችሁ በቀር፣ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

በዚያ የመጀመሪያ ምሽት ከታዩት አሥር አጫጭር ፊልሞች አንዱ ደግሞ የፈረስ ነበር። አንዱ ፈረሱን ይዞ ቆሟል፤ ሌላው ለመውጣት ይታገላል፤ ይንሸራተታል፤ ደግሞ ይሞክራል። ቀልድ ነው። ሲኒማ ፊደል በቆጠረበት ቀን ፈረስ አብሮት ነበር።

ከዚያ በፊት ግን ሌላ ጉዳይ ነበር። ፈረስ በሽምጥ ሲጋልብ አራቱም እግሮቹ አንድ ላይ መሬት የሚለቁበት ጊዜ አለ ወይስ የለም? ከለቀቁስ እግሮቹ በዚያች ቅጽበት የት ናቸው? ዓይን ይህን መለየት አይችልም። ሠዓሊዎች ለዘመናት ፈረሱን የፊት እግሮቹን ወደ ፊት፣ የኋላዎቹን ወደ ኋላ ዘርግቶ አየር ላይ እንደተንሳፈፈ አድርገው ይሥሉት ነበር። ፈረንሳዊው ዤሪኮ በ1821 የሣለው፣ ዛሬ ሉቭር ያለው የኤፕሰም የፈረስ እሽቅድምድም ሥዕል እንደዚያ ነው። የናፖሊዮንን ፈረሰኞች በመሣል ስም ያወጣው ሜሶንዬ ደግሞ ነገሩን ከምር ይዞት፣ ፈረስ ሲጋልብ ጎን ለጎን እየተከተለ የሚያይበት ትንሽ ሐዲድ በግቢው አዘርግቶ ነበር። በጋሪ ተቀምጦ፣ ከፈረሱ እኩል እየሄደ፣ ዓይኑን እግሩ ላይ ተክሎ። እንዲያም ሆኖ አላየውም።

መጀመሪያ መልስ ያገኘው የሚያይ ሰው ሳይሆን የሚያዳምጥ ሰው ነው ማለት ይቻላል። ኤቲየን ዡል ማሬ የተባለው የፈረንሳይ የሰውነት ሥራ ተመራማሪ ከፈረስ ኮቴ ሥር አየር የተሞላ የጎማ ኳስ አሰረ፤ ኮቴው መሬት ሲመታ አየሩ በቱቦ ወደ ላይ ሄዶ ፈረሰኛው እጅ ላይ ባለ መዝጋቢ ወረቀት ላይ መስመር ያሰምራል። ከመስመሮቹ መሀል አራቱም እግሮች ዝም የሚሉበት ክፍተት ተገኘ። ይህ በ1873 በመጽሐፉ ወጣ። ካሊፎርኒያ ያለው ባለጠጋው የፈረስ ባለቤት ሊላንድ ስታንፎርድ አነበበው፤ ከዚያ ቀደም ያሠራውን ፎቶ አንሺ ኤድዋርድ ሙይብሪጅን እንደገና አስጠራ። ጁን 1878፣ ፓሎ አልቶ ላይ 12 ካሜራ ተደረደረ፤ ፈረሱ ሲያልፍ የሚበጥሰው ክር እያንዳንዱን ካሜራ በየተራ ያስነሳል። ሳሊ ጋርድነር የተባለችው ባዝራ ስትጋልብ ፎቶዎቹ ያሳዩት ነገር ሁለት ነው። አንደኛ፣ አዎ፣ አራቱም እግሮች መሬት ይለቃሉ። ሁለተኛ፣ በዚያች ቅጽበት እግሮቹ የተዘረጉ ሳይሆኑ ከሆዷ ሥር የተሰበሰቡ ናቸው። ሠዓሊዎቹ ሁሉ ተሳስተው ነበር። ሜሶንዬ ፎቶዎቹን አይቶ እንደደነገጠ ተጽፏል። በዚያ ሁሉ ሐዲድ!

እዚህ ላይ ወታደሩ ይገባል። ፈረሰኛ ጦር ለአውሮፓ መንግሥታት ትልቅ ወጪ ነበር፤ ፈረስ እንዴት እንደሚራመድ፣ እንዴት እንደሚዘል፣ ፈረሰኛው እንዴት ቢቀመጥ እንስሳውን እንደማያደክመው ማወቅ ሥራቸው ነበር። የፕሩሲያ የጦር ሚኒስቴር በ1886 ኦቶማር አንሹትዝ የተባለውን ጀርመናዊ ፎቶ አንሺ ሐኖቨር ወደሚገኘው የወታደራዊ ግልቢያ ተቋም ልኮ ፈረሶችና ፈረሰኞችን በተከታታይ ፎቶ አስነሥቶታል። አንሹትዝ እነዚያን ፎቶዎች በተሽከርካሪ ዲስክ ላይ አድርጎ፣ ከኋላ በኤሌክትሪክ ብልጭታ እያበራ፣ የሚንቀሳቀሱ አስመስሎ ለሕዝብ አሳየ። ከሉሚዬር ዓመታት በፊት። እንግዲህ ሲኒማ ሲወለድ አዋላጁ ፈረሰኛ ጦር ነው ብል ብዙ አላጋነንኩም።

አሁን ወደ ቪዲዮው እንመለስ። ለምንድነው በጥንት ፊልሞች ፈረሰኛው ሁልጊዜ ወደ ካሜራው የሚጋልበው? ጀግንነት ለማሳየት ብቻ አይደለም። የሉሚዬር መሣሪያ የእንጨት ሳጥን ነበረች፤ ክብደቷ 5 ኪሎ ገደማ፣ የምትሠራውም እጀታዋን በእጅ በማዞር። በሰከንድ ሁለት ዙር፣ በአንድ ዙር 8 ፎቶ፣ በጠቅላላው በሰከንድ 16። የምትይዘው ፊልም 17 ሜትር ነው፤ 50 ሰከንድ ያህል ይሠራና ያልቃል። በሽምጥ የሚጋልብ ፈረስ በሰከንድ 10 ሜትር ይሄዳል እንበል። ከካሜራው 20 ሜትር ርቆ በጎን ቢያልፍ አንድ ሁለት ሰከንድ ሳይሞላ ከምስሉ ይወጣል፤ የቀረው 48 ሰከንድ ባዶ ሜዳ ነው። ፊት ለፊት ቢመጣ ግን ከ500 ሜትር ላይ ተነሥቶ ፊልሙ ሲያልቅ ካሜራው ዘንድ ይደርሳል። ስለዚህ አንሺው ከአዛዡ ጋር ይመካከራል፤ ሜዳው ይለካል፤ ምልክት ይሰጣል፤ እጀታው መዞር ይጀምራል፤ ጦሩ ይነሣል። የአክስቴ ልጅ የላከችው «ጥቃት» ላይ ጠላት የለም። ፈረሰኞቹ የሚያጠቁት የሉሚዬርን ሳጥን ነው።

ተመልካቹ ግን ወደደው። በ1896 ክረምት የሉሚዬር ፊልሞች ኒው ዮርክ ሲገቡ በኪት ቲያትር ታዳሚውን ካስጨበጨቡት አንዱ የ7ኛው የፈረንሳይ ኩይራሲዬ ሬጅመንት ግልቢያ ነበር። በዚያው ዓመት ድራጎን የሚባሉት ፈረሰኞች ከነፈረሶቻቸው የሶን ወንዝን በዋና ሲያቋርጡ ተነሥቷል፤ ማድሪድ ላይም የሉሚዬር ሰው ፕሮሚዮ የስፔን ንግሥትን ጦር አንሥቷል። ወታደሩ እምቢ አላለም። ሰልፍ ማሳየት ለመንግሥትም ለፊልም ነጋዴም የሚጠቅም ነበር፤ አንዱ ኃይሉን ያሳያል፣ ሌላው ቲኬት ይሸጣል።

እውነተኛው ጦርነት ሲመጣ ካሜራው ዘገየ፣ ወይም ወደቀ። ይህን የምለው ለጨዋታ አይደለም፤ ቃል በቃል ወድቋል። ሴፕቴምበር 2 ቀን 1898 ኦምዱርማን ላይ፣ ጎረቤታችን ሱዳን፣ የእንግሊዝ 21ኛ ላንሰር (ጦር ያነገበ ፈረሰኛ) ሬጅመንት ከ300 በላይ ፈረሰኛ ይዞ በማህዲስቶቹ ላይ ጋለበ፤ 21 ሰው ሞተበት፤ ወጣቱ ዊንስተን ቸርችል አብሮ ጋልቦ ነበር። በእንግሊዝ ታሪክ የመጨረሻዎቹ ትልልቅ የፈረሰኛ ግልቢያዎች ከሚባሉት አንዱ ነው። ፍሬድሪክ ቪሊየርስ የተባለው ጋዜጠኛ በዚያን ቀን ካሜራ ይዞ በዓባይ ላይ ባለ የጦር ጀልባ ተሳፍሮ ነበር። መድፉ ሲተኮስ ጀልባው ተንቀጠቀጠ፤ ካሜራው ከነማቆሚያው ተገነደሰ፤ ፊልሙ ብርሃን ገባበት። ስለዚህ የዚያ ግልቢያ የቀረን ሥዕል ነው፤ ሠዓሊዎቹም አብዛኞቹ አላዩትም።

በዚያው ዓመት ስፔንና አሜሪካ በኩባ ሲዋጉ የኤዲሰን ኩባንያ ሰው ዊልያም ፔሊ ፍሎሪዳ ውስጥ ታምፓ ከተማ ጦሩ በሚሰበሰብበት ቦታ ፊልም አንሥቷል። ከነዚህ ውስጥ እኔ ደጋግሜ የማየው 9ኛው ፈረሰኛ ሬጅመንት ፈረሶቹን ውኃ ሲያጠጣ የሚያሳየውን ነው። 9ኛው የጥቁር አሜሪካውያን ሬጅመንት ነው። ማንም አይጋልብም፤ ማንም ሰይፍ አይመዝም። ፈረሶች ውኃ ይጠጣሉ፤ ሰዎች ፈረስ ይጠብቃሉ። ለእኔ ከአሥር የኩይራሲዬ ግልቢያ ይህ ይበልጥብኛል፤ ፈረሰኛ ጦር ቀኑን የሚያሳልፈው እንዲህ ነውና፤ ውኃ፣ ገፈራ፣ ኮቴ ማየት፣ ኮርቻ የላጠው ጀርባ ላይ ቅባት መቀባት። የሚያሳዝነው ደግሞ፣ ከታምፓ ሲነሡ መርከቡ ስላልበቃ ቴዎዶር ሩዝቬልት የነበረበት ስመ ጥሩው በጎ ፈቃደኛ ፈረሰኛ ጦር አብዛኛውን ፈረሱን ወደቡ ላይ ጥሎ ሄደ፤ ሳን ሁዋን ኮረብታ ላይ የተዋጉት በእግራቸው ነው። ሕዝቡ ግን ፈረስ ማየት ፈለገ። በ1899 የኤዲሰን ኩባንያ የኤል ካኔይን ውጊያ የሚያሳይ ፊልም ሠራ፤ የተሠራው ኩባ ሳይሆን ኒው ጀርዚ ነው፤ ተዋናዮቹ የግዛቱ ብሔራዊ ዘብ ወታደሮች ናቸው። እንግሊዞቹም ለቦር ጦርነት እንዲሁ አደረጉ። ዲክሰን የተባለው ባለሙያ ደቡብ አፍሪካ ድረስ ግዙፍ ካሜራ በጋሪ እየጎተተ ሲንከራተት፣ እንግሊዛዊው ፊልም ሠሪ ሮበርት ፖል ለንደን አጠገብ መዝናኛ ሜዳ ላይ ጦርነቱን «ደግሞ» አነሣው።

ከሁሉ የሚገርመኝ ግን የፍራንሲስ ዱብሊዬ ታሪክ ነው። ዱብሊዬ ገና ጎረምሳ ሳለ የሉሚዬርን ፊልም ይዞ ሩሲያን ይዞር ነበር። በ1898 ደቡብ ሩሲያ፣ አይሁዶች በብዛት በሚኖሩባቸው ከተሞች፣ ሰዉ ሁሉ የሚያወራው ስለ ድሬይፈስ ነው፤ በሐሰት ስለላ ተከሶ ወደ ዲያብሎስ ደሴት ስለተጋዘው አይሁዳዊ የፈረንሳይ መኮንን። የድሬይፈስ ፊልም አልነበረውም። ምን አደረገ? ካለው ሳጥን ውስጥ አራት ቁራጭ መረጠ፦ መኮንን የሚመራው የፈረንሳይ ጦር ሰልፍ፣ ትልቅ ሕንፃ የሚታይበት የፓሪስ መንገድ፣ ፊንላንድ ላይ ጀልባ ስትወጣ፣ የናይል ዴልታ። በዚህ ቅደም ተከተል እያሳየ አፉን ከፍቶ ተረከ። ይህ ድሬይፈስ ነው፤ ከመታሰሩ በፊት። ይህ የተፈረደበት ፍርድ ቤት ነው። ይህቺ ወደ መርከቡ የወሰደችው ጀልባ ናት። ይህ ደሴቱ ነው። ሰዉ አለቀሰ። በኋላ ራሱ እንደተናገረው፣ ነገሩ የተበላሸው አንድ ሽማግሌ ተነሥቶ ቀኑን ሲጠይቀው ነው። ድሬይፈስ የተያዘው በ1894 ነው፤ ይህ መሣሪያ ያኔ ነበረ ወይ?

ሽማግሌው ስለ ካሜራ አያውቅ ይሆናል። ቀን ቆጠረ፤ በቃ። የእኔም 64 ቀን ከዚያ የተማርኩት ነው።

እንግዲህ ፊልም ላይ ስም መለጠፍ ከሲኒማ ጋር እኩል ዕድሜ አለው፤ አዲስ ኃጢአት አይደለም። አዲሱ ነገር ምስሉ ራሱ መነካቱ ነው። ዱብሊዬ ዋሽቷል፤ ፊልሞቹን ግን አልነካቸውም፤ የናይሉ ዴልታ የናይል ዴልታ እንደሆነ ቀርቷል። ዛሬ ግን እንዲህ ነው የሚደረገው። በሰከንድ 16 ፎቶ የተነሣውን ፊልም ስልካችን ላይ ለስላሳ ሆኖ እንዲታይ ወደ 60 ያሳድጉታል። ከየት መጣ የተጨመረው? ፕሮግራሙ አንዱን ፎቶና ቀጣዩን አይቶ፣ መሀል ላይ ምን ሊኖር እንደሚችል ገምቶ ይሞላል። ከ60ዎቹ 44ቱ ማንም ያላነሣቸው ናቸው። ዘዴው በሰፊው የታወቀው በ2020 የሉሚዬር የባቡር ፊልም በ4ኬ ጥራት እና በሰከንድ በ60 ፍሬም (ፍሬም ማለት አንዷ ፎቶ ናት) ተሠርቶ በተሠራጨ ጊዜ ነው፤ ለባቡር ብዙ አይጎዳም፤ ባቡር ቀጥ ብሎ ይመጣል፤ መሀሉ መገመት ይቻላል።

ፈረስ ግን ባቡር አይደለም። ሒሳቡን እንሥራው። በሰከንድ 10 ሜትር የሚጋልብ ፈረስ በሁለት ፎቶ መሀል 60 ሴንቲ ሜትር ያህል ይሄዳል። አንድ ሙሉ የግልቢያ እርምጃ ግማሽ ሰከንድ ገደማ ይፈጃል፤ ስለዚህ ለአንድ እርምጃ የሚደርሰው 8 ፎቶ ብቻ ነው። አራቱም እግሮች ከመሬት የሚለቁባት ቅጽበት ከነዚህ ውስጥ የምትደርሳት አንድ ወይም ሁለት ናት፤ አንዳንዴ ትዘለላለች። ወደ ፊት የሚወነጨፈው ኮቴ ደግሞ ከፈረሱ አካል በእጅጉ ይፈጥናል፤ በሁለት ፎቶ መሀል ከሜትር በላይ ሊሄድ ይችላል። ፕሮግራሙ ኮቴውን እዚህ ያየዋል፤ ቀጥሎ ሜትር አልፎ ያየዋል፤ የትኛው እግር የትኛው እንደሆነ ይጠፋበታል። የግራውን ከቀኙ ያቀልጠዋል። ቪዲዮውን አቁማችሁ በዝግታ ብታዩት እግሩ እንደ ሰም ሲቀልጥ፣ አንዱ ጉልበት ሁለት ሆኖ ሲከፈል፣ ኮቴ ከአቧራ ውስጥ ሲበቅል ታገኛላችሁ። በፍጥነት ሲሄድ አይታይም። ያምራል።

እኔን የሚያበሳጨኝ ይህ ነው። ማሬ የጎማ ኳስ አስሮ፣ ሙይብሪጅ 12 ካሜራ ደርድሮ፣ አንሹትዝ ሐኖቨር ድረስ ሄዶ የለፉት በሁለት ኮቴ መሀል ያለውን ለማወቅ ነው፤ እኛ ደግሞ ያንኑ መሀል በግምት እንሞላዋለን፤ ግምቱንም «እድሳት» እንለዋለን። ወደ ሜሶንዬ ዘመን መመለስ ነው፤ የሚያምረውን እግር መሣል።

ይህን ስል ማሻሻል ሁሉ ክፉ ነው ማለቴ አይደለም። ፊልሙን ማጽዳት፣ መንቀጥቀጡን ማርጋት፣ ፍጥነቱን ማስተካከል የሚደገፍ ሥራ ነው። በተለይ ፍጥነቱ። በሰከንድ 16 የተነሣ ፊልም በ24 ሲጫወት 50 ሰከንዱ ወደ 33 ይወርዳል፤ በሰዓት 36 ኪሎ ሜትር የሚጋልበው ፈረስ 54 የሚጋልብ ይመስላል፤ ሶምሶማው ደንገላሳ፣ ደንገላሳው ሽምጥ ይሆናል። ብዙ ሰው «የድሮ ሰው እየዘለለ ነው የሚሄደው» ብሎ የሚስቀው በዚህ ነው። ይህን ማረም ፎቶዎቹን አይነካም፤ አንዱም አይጨመርም፣ አንዱም አይቀነስም። በ2018 ፒተር ጃክሰን ለእንግሊዙ የጦርነት ሙዚየም የአንደኛውን የዓለም ጦርነት ፊልም ቀለም ቀብቶ ሲሠራ፣ ሥራው የማን እንደሆነ፣ ምን እንደተደረገበት በግልጽ ተነግሯል፤ ጥሬውም ሙዚየሙ ውስጥ አለ። ስልኬ ላይ የመጣው ግን ባለቤት የለውም፤ ከየት እንደተቆረጠ የለውም፤ የተጨመረው ከተነሣው አይለይም።

ጥሬው ደግሞ ከየት መጣ የሚለው ራሱን የቻለ ታሪክ ነው። አሜሪካ ውስጥ እስከ 1912 ድረስ ለፊልም የባለቤትነት መብት የሚሰጥ ሕግ ስላልነበረ፣ ኩባንያዎቹ እያንዳንዱን ፍሬም ወረቀት ላይ አትመው እንደ ፎቶግራፍ ያስመዘግቡ ነበር። ፊልሙ ከነደደ፣ ከበሰበሰ በኋላ ወረቀቱ በኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት ተርፎ ተገኘ፤ ከ3,000 በላይ ርዕስ። በ1950ዎቹ እንደገና ፍሬም በፍሬም ወደ ፊልም ተመለሰ። የታምፓ ፈረሶች ዛሬ ውኃ ሲጠጡ የማያቸው የሕግ ጉድለት ባመጣው ጥቅል ወረቀት ምክንያት ነው። ምስሉ ይጭራል፣ ይንቀጠቀጣል፣ ጥላው ድፍን ነው። ግን እያንዳንዱ ፍሬም አንድ ጊዜ በሌንስ ፊት የነበረ ነገር ነው።

በዚህ ላይ የባሰው እየመጣ ነው። አሁን ጥሬ ፊልም እንኳ አያስፈልግም፤ «የዓድዋ ፈረሰኞች፣ ጥቁርና ነጭ፣ 1896» ብሎ መጻፍ ይበቃል፤ ፕሮግራሙ ጭረቱን፣ ንቅንቅታውን ሳይቀር ሠርቶ ይሰጣል። የዓድዋ ፊልም ስለሌለ ባዶ ቦታው ይጋብዛል። ኩይራሲዬውን በጥሩሩ ለየሁት፤ የሚመጣውን በምን እንለያለን? እኔ መጀመሪያ የማየው እርካቡን ነው። የአገራችን ፈረሰኛ በዚያ ዘመን የሚጋልበው ባዶ እግሩን ነበር፤ እርካቡ ትንሽ ቀለበት ናት፤ አውራ ጣቱን ብቻ ነው የሚያስገባባት። ማሽኑ የተማረው ከአውሮፓና ከሆሊውድ ፈረሰኛ ስለሆነ ቦት ጫማ ያጠልቅለታል፤ ሙሉ እግሩን ያስገባዋል። ይህም ቢሆን ጊዜያዊ ነው፤ ነገ ይህን የሚያነብ ሰው ያስተካክለዋል፤ ምናልባት ምክር ሰጠሁት።

የእኛ መዝገብ ሌላ ዓይነት ነው። የ1896ቱ የፈረንሳይ ፊልም የሬጅመንቱን ቁጥር ይዟል፤ አንድም ፈረስ ስም የለውም። እኛ ጋ ተቃራኒው ነው፤ ምስሉ የለም፤ ስሙ ግን አለ። ምኒልክ አባ ዳኘው፣ ራስ መኮንን አባ ቃኘው፣ ራስ አሉላ አባ ነጋ፣ ባልቻ አባ ነፍሶ፣ ሀብተ ጊዮርጊስ አባ መላ፣ ዓድዋ ላይ የወደቀው ፊታውራሪ ገበየሁ አባ ጎራ። ሰውየው በፈረሱ ስም ይጠራል፣ ይሸለልበታል፣ ይለቀስበታል። ኩይራሲዬውን ዓድዋ ነው ብሎ የለጠፈው ሰው አባ ጎራን ከነስሙ አጥፍቶ ቁጥር 7ን ተካበት። «ፈረስ ፈረስ ነው» ያለችኝን የአክስቴን ልጅ የመለስኩላት ይህን ነው። «እሺ ገባኝ፣ ግን ቪዲዮው ያምራል» አለች። ያምራል፤ እሱን አልካድኩም።

ባለፈው ጥር 23 እንጅባራ ነበርኩ፤ የአገው ፈረሰኞች በየዓመቱ በሚያከብሩት በዓል ላይ። ፈረሱ በቀይና በቢጫ ጌጥ ተሸልሟል፤ ሜዳው ሰው በሰው ነው። ስልኬን በሰከንድ 240 ፍሬም በሚያነሣው አድርጌ፣ ሣሩ ላይ በደረቴ ተኝቼ፣ አንድ ቦራ ፈረስ በሽምጥ ሲያልፍ አነሣሁት። አጠገቤ አንድ ሽማግሌ በትራቸውን ተደግፈው ቆመዋል፤ ምን እንደማደርግ ገርሟቸው ጎንበስ አሉ። በዝግታ አሳየኋቸው። አንዱ ኮቴ ወረደ፣ ሁለተኛው፣ ሦስተኛው፣ አራተኛው፤ ከዚያ አራቱም ተነሥተው ከሆዱ ሥር ተሰበሰቡ። እዚያ ላይ አቆምኩት።

«አየር ላይ ነው አባቴ፤ አንዱም መሬት አልነካም» አልኳቸው።

«እሱንማ መቼ አጣሁት» አሉ። «ስትጋልብ አዳምጥ። ዱብ፣ ዱብ፣ ዱብ፣ ዱብ ይልና ዝም ይላል። ዝም ሲል ነው እንዲህ የሚሆነው።» በትራቸው ጫፍ መሬቱን አራት ጊዜ መትተው አየር ላይ ያዙት። ከዚያ ስልኩን ተቀብለው እንደገና አዩት፤ እግሩን አይደለም፤ ፊቱን፣ ጋማውን፣ ግንባሩ ላይ ያለውን ነጭ።

«ጥሩ ፈረስ ነው። የማን ነው? ስሙ ማነው?»

አልጠየቅኩም ነበር። ቀና ብዬ ሜዳውን አየሁ፤ ቦራው ከሌሎቹ ጋር ተቀላቅሏል።